በ«ገደማ» ቦታ የገቡት ሁለት ዜሮዎች

ሰው ሕይወቱን የለወጠችውን ቀን ሲያወራ አብዛኛውን ጊዜ ስለ ሞት፣ ስለ ፍቅር ወይም ስለ አንድ ትልቅ አደጋ ነው የሚያወራው። የእኔዋ ቀን ግን ከአንዲት ቁጥር ጋር የተያያዘች ናት። ቁጥሯ 40.00 ናት። እንዲህ ስትታይ ምንም የማታደርግ ትመስላለች። ምን ልታደርግ እንደነበር እስክነግራችሁ ድረስ ግን ታገሡኝ።

ያን ጊዜ የሃያ ሦስት ዓመት ወጣት ነበርኩ። ደርግ ከወደቀ አሥር ዓመት ያህል ሆኖታል። ቦንጋ ውስጥ አዳዲስ መሥሪያ ቤቶች እየተከፈቱ፣ ከየወረዳው የመንገድና የድልድይ ማመልከቻ የሚጎርፍበት ጊዜ ነበር። ተወልጄ ያደግኩት እዚያው ቦንጋ ነው። አባቴ አስተማሪ፣ እናቴ ደግሞ ኮረሪማ ነጋዴ ነበሩ። በቅየሳ ዲፕሎማዬን ይዤ እንደተመለስኩ የገጠር የእግረኛ ድልድዮችን በሚሠራ አንድ ፕሮጀክት ተቀጠርኩ። ከቀያሾቹ ሴት እኔ ብቻ ነበርኩ። ስሜ ጸዳለ ነው፤ መስክ ስንወጣ ግን ሰዉ ሁሉ የሚጠራኝ «ቀያሿ» እያለ ነበር። ደስ ይለኝ ነበር፤ አልዋሽም።

ስለዚያን ጊዜዋ ጸዳለ አንድ ነገር ማወቅ አለባችሁ። ቁጥር ላይ ጎበዝ ነበረች። አስተማሪዎቻችን «ሲግኒፊካንት ፊገር» የሚሉትን፣ በአማርኛ ጉልህ አሃዝ ልንለው የምንችለውን ትምህርት፣ እንደ ውዳሴ ማርያም በቃሏ ትወጣው ነበር። ነገሩ በአጭሩ ከአንድ የተጻፈ ቁጥር ውስጥ ስንቱ አሃዝ በእርግጥ እንደተለካ መቁጠር ነው። 4003 አራት ጉልህ አሃዝ አለው፤ መሐል የገቡት ዜሮዎች ይቆጠራሉ። 0.0040 ሁለት ብቻ ነው ያለው፤ ከፊት የተደረደሩት ዜሮዎች ቦታ ጠባቂዎች ናቸው፣ የመጨረሻው ግን ይቆጠራል። 40 ብለን ስንጽፍ ዜሮው አጠራጣሪ ነው። 40.00 ስንል ግን አራቱም ይቆጠራሉ። ፈተናው ላይ አሥር ከአሥር ነው ያገኘሁት። ደንቡን ጠንቅቄ ዐውቀው ነበር። ደንቡ ስለ ሰው እንደሚያወራ ግን ማንም አልነገረኝም፣ እኔም አልጠየቅኩም።

በተቀጠርኩ በሦስተኛው ወር፣ ነሐሴ ላይ፣ ከደካ ከተማ ግማሽ ቀን በእግር ወደሚያስኬድ መንደር ተላክሁ። ሕዝቡ ለዓመታት ድልድይ ሲለምን የኖረ ነው። ወንዙ ጎሻና ይባላል። በበጋ ልጆች ድንጋይ ለድንጋይ እየዘለሉ የሚሻገሩት ሲሆን በክረምት ግን ማዶ ያሉትን ሰዎች ከገበያም፣ ከትምህርት ቤትም፣ ከጤና ጣቢያም ይቆርጣቸዋል። እኔ በደረስኩ ዕለት ወንዙ ቡና መስሎ እየተንደረደረ ነበር። ግንድ ይዞ ሲያልፍ ዐየሁ። ሃምሳ ሜትር የሚዘረጋ የብረት ሜትር በቦርሳዬ ይዣለሁ፤ ግን ጫፉን ማዶ የሚያደርስልኝ ሰው ከየት ይምጣ? የቀበሌው ሊቀ መንበር በበጋ ሲሻገር አርባ እርምጃ እንደሚሆን ነገረኝ። እኔም በዓይኔ ገመትኩ፤ አርባ ቢሆን ነው አልኩ። በመስክ ደብተሬ ላይ በእርሳስ «40 ሜትር ገደማ» ብዬ ጻፍኩና ዝናቡን ሸሽቼ ተመለስኩ።

ቦንጋ ስገባ ቅጽ መሙላት ነበረብኝ። ቅጹ ለእያንዳንዱ አሃዝ ትንሽ ሳጥን አለው፤ ከነጥቡ በኋላ ደግሞ ሁለት ሳጥኖች። «ገደማ» የሚጻፍበት ሳጥን የለም። 40 ብዬ ጻፍኩ። ሁለቱ ባዶ ሳጥኖች ሥራዬን ያልጨረስኩ አስመሰሉኝ። ሁለት ዜሮ ጨመርኩና ፈረምኩ። ይህን ለማድረግ የፈጀብኝ ጊዜ አሁን እናንተ ይህን ዐረፍተ ነገር ለማንበብ ከሚፈጅባችሁ ያነሰ ነው። ድልድዩ ሲሠራ እንደገና ይለካል ብዬ በልቤ ሳላስብ አልቀረሁም። ሌላው ሰው ግን «ተለክቷል» ብሎ ነው ያሰበው፤ ቁጥሩ የሚለው እንደዚያ ነዋ።

ከዚያ በኋላ የሆነው ሁሉ በዚያች ቁጥር ላይ ነው የቆመው። ኃላፊያችን ኢንጂነር ታደሰ 40.00ን ይዘው ንድፉን ሠሩ። ድልድዩን የሚሸከሙት ሁለት ወፋፍራም የብረት ገመዶች አዲስ አበባ ታዘዙ፤ በልካቸው ተቆርጠው ጫፎቻቸው እዚያው ወርክሾፕ ታሰሩ። በየዳሩ ከአንድ ክንድ የማይበልጥ ትርፍ ብቻ ተተወላቸው። ጥር ላይ የፕሮጀክቱ ግንበኛ ጋሽ ግዛቸው ወደ መንደሩ ሄደው፣ ሽማግሌዎች ሙላት አይደርስበትም ባሏቸው ቦታ በወንዙ ግራና ቀኝ የምሰሶ ጉድጓድ አስቆፈሩ። ጋሽ ግዛቸው አያታቸው ከሸዋ የመጡ፣ እሳቸው ግን ቦንጋ ተወልደው የአገሩን ቋንቋ ካፊኖኖን እንደ አፍ መፍቻ የሚናገሩ፣ ሃምሳ ዓመት ያለፋቸው ሰው ናቸው። ስፋቱን አልለኩም። ቀያሿ ለክታዋለችና።

የካቲት ላይ ገመዶቹ መጡ። መኪናው የሚደርሰው ደካ ድረስ ብቻ ነው። ከዚያ ወዲያ የመንደሩ ሰዎች ገመዱን ፈተው፣ ስልሳ ያህል ወንዶች በሰልፍ ቆመው በትከሻቸው ተሸከሙት። እየዘፈኑ ጫካውን አቋርጠው ሲሄዱ እኔ ከኋላ እየተከተልኩ ነበር። ዳገቱን ሲወጡ ፊተኞቹ ይታዩኛል፣ ኋለኞቹ አጠገቤ ናቸው። አንድም ሰው ገመዱን መሬት አላስነካም። በዚያ መንገድ ላይ የነበረኝን ኩራት ሳስበው ዛሬም ፊቴ ይሞቃል።

ከሰዓት በኋላ ደረስን። አርማታው የሚሞላው በማግሥቱ ነበር። ድንጋዩ ተከምሯል፣ አሸዋው ተነፍቷል፣ ሲሚንቶው በአህያ ገብቷል። እኔ የቀረኝ የምሰሶዎቹን መሐል በችካል ምልክት ማድረግ ብቻ ነው። ወንዙ ጎድሎ ስለነበር ጋሽ ግዛቸው የሜትሩን ጫፍ ይዘው በድንጋዮቹ ላይ ተሻገሩ። እኔ እዚህ፣ እሳቸው እዚያ ወጠርነው። ቁጥሩን አነበብኩ። 43.6 ይላል።

የተሳሳትኩ መሰለኝ። «ጋሽ ግዛቸው፣ ዜሮው ላይ ነው የያዙት?» ብዬ ጮኼ ጠየቅኩ። አዎን አሉ። እንደገና ለካን። ያው ነው። ሦስተኛ ጊዜ ቦታ ተለዋውጠን ለካን። ሦስት ሜትር ከስልሳ፣ የሁለት ሰው ቁመት ያህል ነው። ከኋላዬ ስልሳ ሰዎች ገመዱን አስቀምጠው ጥላ ሥር ተቀምጠው ይስቃሉ፣ ውሃ ይጠጣሉ። ገመዱ ማዶ እንደማይደርስ የማውቀው እኔ ብቻ ነበርኩ።

ጋሽ ግዛቸው ፊቴን ዐይተው ተመልሰው ተሻገሩ። ደብተሬን ሰጠኋቸው። የነሐሴውን ገጽ ገልጠው «ገደማ» የምትለዋን ቃል ለረጅም ጊዜ ተመለከቷት። አልተቆጡኝም። ቢቆጡኝ ይቀለኝ ነበር።

«ገመድ ማሳጠር ይቻላል» አሉኝ ዝቅ ባለ ድምፅ። «ማስረዘም ግን አይቻልም።»

ፀሐይ ሳትጠልቅ አንድ መላ አመጡልኝ። ሁለቱንም ጉድጓዶች ሁለት ሁለት ሜትር ወደ ውሃው እናስጠጋ አሉ። ጠዋት ቢጀመር እስከ ምሳ ይቆፈራል፤ ገመዱም ይበቃል፤ ማንም አይጠይቅም። አዲስ ሠራተኛ እንደሆንኩ፣ በዚህ ስሕተት ከሥራ ልባረር እንደምችል፣ ሴት ቀያሽ ተቀጥራ ምን ሆነ የሚለውን ወሬ ቦንጋ ለዓመታት እንደማይረሳው እያስታወሱ መከሩኝ። ክፉ ሰው ስለሆኑ አይደለም። እሳቸውም ሴት ልጅ ነበረቻቸው፤ ያዘኑልኝ እንደ አባት ነው። የወንዙ ዳር ይሸከማል ወይ ብዬ ስጠይቃቸው ግን ዓይናቸውን ወደ ውሃው አዞሩ። «በበጋ ሲያዩት ደረቅ ነው» አሉ በመጨረሻ።

እሺ አልኩ። ይህንን ሳልደብቅ ልንገራችሁ፤ እሺ ብያለሁ።

በማግሥቱ ጠዋት ሰዎቹ በአዲሱ ምልክት ላይ መቆፈር ጀመሩ። ለምን እንደተቀየረ የጠየቀ ሰው አልነበረም፤ ቀያሿ ካለች አለች ነው። እኔ ወደ ማዶ ተሻግሬ ቆሜ አያለሁ። ረፋዱ ላይ እትዬ አለሚቱ የምትባል ሴት ለቆፋሪዎቹ ቆጮና ጎመን ተሸክማ መጣች። ዕድሜዋ ወደ አምሳ የሚጠጋ፣ ዝምተኛ ሴት ናት። ሸክሟን እንዳወረደች አዲሱን ጉድጓድ ዐይታ ደነገጠች። ቆፋሪዎቹን በካፊኖኖ አንድ ነገር አለቻቸውና ወደ እኔ መጣች።

«እዚህ ምሰሶ ነው የሚቆመው?» አለችኝ።

አዎን አልኳት።

«የሞተችውን ልጄን መጀመሪያ ያስቀመጥናት እዚህ ነው።»

ከሁለት ዓመት በፊት፣ ነሐሴ ላይ፣ የመጀመሪያ ልጇ ምጥ ጠንቶባት በቃሬዛ ተሸክመው ወደ ደካ ጤና ጣቢያ ሊወስዷት ተነሡ። ወንዙ ሞልቶ ነበር። ሙላቱ እስኪጎድል ቃሬዛውን ዳር አስቀምጠው ጠበቁ። ውሃው ግን እየጨመረ መጣ። ሦስት ጊዜ ቃሬዛውን ወደ ኋላ አሸሹት። እትዬ አለሚቱ ይህን ስትነግረኝ አላለቀሰችም። እጄን ይዛ ቦታውን ብቻ አሳየችኝ። መጀመሪያ ያስቀመጧት አሁን የሚቆፈረው ጉድጓድ አጠገብ ነው። ቀጥሎ ውሃው መጥቶ ቦታውን ወሰደው፤ አፈሩም አብሮ ሄደ። ከዚያ ወደ ላይ፣ ከዚያ ደግሞ ወደ ላይ። ልጅቷ ሕይወቷ ያለፈው በማግሥቱ ንጋት ላይ፣ ጋሽ ግዛቸው በጥር ካስቆፈሩት ጉድጓድ አጠገብ ነው። ሽማግሌዎቹ ያንን ቦታ ሙላት አይደርስበትም ያሉት ለምን እንደሆነ ያኔ ገባኝ። ቃሬዛዋ በመጨረሻ የቆመችበት ስለሆነ ነው።

«እዚህ ካቆማችሁት» አለችኝ፣ «ውሃው ሰው እላዩ እያለ ይወስደዋል።»

ቁፋሮውን አስቆምኩ። ሰዎቹን ሁሉ ሰብስቡልኝ አልኩ። ጋሽ ግዛቸው ክንዴን ይዘው «ጸዳለ፣ አስቢበት» አሉኝ። አስቤበት ነበር። በዚያች ሰዓት ሥራዬም፣ የቦንጋ ሐሜትም ትዝ አላለኝም፤ ያቺ ቃሬዛ ብቻ ነበር የምትታየኝ።

ሰዎቹ ተሰበሰቡ። ጋሽ ግዛቸው ወደ ካፊኖኖ እየመለሱልኝ ሁሉንም ተናገርኩ። ገመዱ እንደሚያጥር፣ ያጠረውም በእኔ ጥፋት እንደሆነ፣ በነሐሴ ወንዙን ሳልለካው በግምት ጽፌ ቅጹ ላይ ሁለት ዜሮ እንደጨመርኩ ነገርኳቸው። ጉምጉምታ ተነሣ። ከተሸካሚዎቹ አንዱ ትከሻው ላይ የቀላውን ቁስል እያሳየ ብዙ ተናገረ፤ ጋሽ ግዛቸው ግማሹን አልተረጎሙልኝም።

በመጨረሻ ጋሽ ወዳጆ የሚባሉ ሽማግሌ ተነሡ። ማር ቆራጭ ናቸው፤ በዚያ ጫካ ውስጥ ቀፎ ያልሰቀሉበት ረጅም ዛፍ የለም ይባላል። አማርኛ የተማሩት ገበያ ላይ ስለሆነ አንዳንዴ «አንተ» አንዳንዴ «አንቺ» ይሉኛል። ደብተሬንና የቅጹን ግልባጭ እንዳሳያቸው ጠየቁኝ። ፊደል አያነቡም፤ ቁጥር ግን ያውቃሉ። 40ን አዩ፣ 40.00ን አዩ።

«ዜሮ ባዶ አይደለም ወይ?» አሉኝ። «ባዶ ብትጨምር ምን ይሆናል?»

ይህ ጥያቄ አሥር ከአሥር ካገኘሁበት ፈተና ውስጥ አልነበረም። እጄን ዘርግቼ አሳየኋቸው።

«ባዶ አይደለም፣ አባቴ። 40 ብቻ ስል ብዙም ተጠንቅቄ አልለካሁም ማለት ነው፤ አራት እርምጃ ቢያልፍ ቢጎድል አትፍረዱብኝ ማለት ነው። ነጥብ አድርጌ አንድ ዜሮ ስጨምር በሜትር ለክቻለሁ፣ ከጋት የበለጠ አልሳሳትም ማለት ነው። ሁለተኛ ዜሮ ስጨምር ደግሞ ከአንድ ጣት አላልፍም ብዬ ማልኩ ማለት ነው።»

ጋሽ ወዳጆ የእኔን ጣት ተመለከቱ፤ ከዚያ ወንዙን ተመለከቱ።

«ታዲያ አንቺ በእጅ ያልነካሽውን ወንዝ በጣት ለካሁ ብለህ ጻፍክ» አሉኝ።

«አዎን» አልኩ።

ስለዚያች ቁጥር ከዚያ በኋላ ብዙ ሰው አስረድቶኛል፣ ብዙ መጽሐፍም አንብቤያለሁ። ከዚያች ዐረፍተ ነገር የበለጠ ያስረዳኝ ግን የለም።

ይቀመጣሉ ብዬ ስጠብቅ እሳቸው ቆመው ቀሩ። ከሰዎቹ ጋር በካፊኖኖ መነጋገር ጀመሩ፤ እጃቸውን ወደ ወንዙ ላይኛው ክፍል ይዘረጋሉ። ጋሽ ግዛቸው ተረጎሙልኝ። ከዚህ ወደ ላይ የአንድ ሰዓት ያህል መንገድ ሄዶ ወንዙ በሁለት ቋጥኞች መካከል የሚያልፍበት ጠባብ ቦታ አለ። ማንም አይሄድበትም፤ ጫካው ጥቅጥቅ ያለ ነው። ጋሽ ወዳጆ ግን እዚያ ቀፎ ስላላቸው ያውቁታል። በሞላበት ዓመት ሁሉ ውሃው ከቋጥኙ በላይ ወጥቶ ዐይተው አያውቁም።

ወዲያው ልሂድ አልኩ። ስምንት ሰዎች ቆንጨራ ይዘው እየመነጠሩ ቀደሙን። እትዬ አለሚቱ ማንም ሳይጠራት ተከተለችን። ከሰዓት በኋላ ቋጥኞቹ ጋ ደረስን። በሁለቱም ዳር ሰፊ ጠፍጣፋ ዐለት ነው፤ ወንዙ ከሥር፣ ጥልቅ ሆኖ ይሄዳል። እዚያ በድንጋይ መሻገር አይቻልም። ጋሽ ወዳጆ ቀፎ የሚሰቅሉበትን ገመድ አምጥተው በጫፉ ድንጋይ አሰሩ፤ ከታች ዞረው ማዶ የተሻገሩ ሁለት ሰዎች እስኪደርሱ ጠብቀው ወረወሩላቸው። በገመዱ ሜትሩን ሳብን።

ከ40 በላይ ከሆነ ሁሉም ነገር አበቃ፤ ገመዱ በድጋሚ ይታዘዛል፣ ያ ደግሞ ክረምቱን ያልፋል፣ በክረምት ደግሞ ሌላ ቃሬዛ ሊመጣ ይችላል።

የመጀመሪያው ንባብ 37.82 ነበር። አላመንኩም። ሜትሩ በመሐሉ ረገብ ስለሚል እንደገና አስወጠርኩት። 37.79። ሦስተኛ ጊዜ 37.84። አራተኛ ጊዜ ያዦቹን አቀያይሬ 37.80። ደብተሬን ከፈትኩ፤ 37.8 ብዬ ጻፍኩና ከሥሩ በምን እንደለካሁት፣ ስንት ጊዜ እንደለካሁት፣ ጫፎቹን እነማን እንደያዙ ጻፍኩ።

ጋሽ ወዳጆ ከአጠገቤ ሆነው ስጽፍ ይመለከቱ ነበር። ሜትሩ ላይ ከዚያ በኋላ ሌላ ቁጥር እንዳለ አይተዋል። የመጨረሻውን ለምን እንደተውኩት ጠየቁኝ።

«እሱን አላውቀውም» አልኳቸው።

በሁለት ቀን ውስጥ ለመጀመሪያ ጊዜ ሲስቁ ዐየኋቸው።

ገመዱ ይበቃል። ግን ገና ሥራው አላለቀም ነበር። ድንጋዩ፣ አሸዋው፣ ሲሚንቶው፣ ገመዱም ሁሉ የአንድ ሰዓት ዳገት እንደገና በትከሻ መጓዝ አለበት። መንገድም በጫካው ውስጥ መውጣት አለበት። ማታ መንደሩ ተሰብስቦ ተማከረ፤ እኔ ውጭ ነበርኩ። ኋላ እንደሰማሁት ያ ትከሻው የቆሰለው ሰው አልሸከምም ብሎ ሲከራከር እትዬ አለሚቱ ተነሥታ «እኔ ልጄን ሦስት ጊዜ ተሸክሜያታለሁ፣ እናንተ ድንጋዩን ሁለት ጊዜ መሸከም ያቅታችኋል ወይ?» አለች። ከዚያ በኋላ የተከራከረ የለም።

በሦስተኛው ቀን ደካ ድረስ በእግሬ ሄጄ ለኢንጂነር ታደሰ ስልክ ደወልኩ። መስመሩ እየተቆራረጠ ሁሉንም ነገርኳቸው።

«አሁን የምትነግሪኝን ስፋት በምን ለካሽው?» አሉኝ።

በብረት ሜትር፣ አራት ጊዜ፣ ከቋጥኝ ወደ ቋጥኝ እንደሆነ ነገርኳቸው።

«ስንት ነው?»

«37.8።»

«ከዚያ በኋላስ?»

«ከዚያ በኋላ እርግጠኛ አይደለሁም፣ ጌታዬ።»

ንድፉን በ37.8 እንደሚያስተካክሉ፣ እሳቸው ራሳቸው በሳምንቱ መጥተው እንደሚለኩት ነገሩኝ። ስለ ጥፋቴ ደግሞ ቦንጋ ስመለስ እንነጋገራለን አሉ። ተነጋገርን። የማስጠንቀቂያ ደብዳቤ ተጻፈልኝ፤ በፋይሌ ውስጥ ዛሬም አለ። አልተባረርኩም። የቅጹንም ነገር አነሣሁላቸው፤ ሳጥኖቹ ሰውን ያላወቀውን እንዲጽፍ እንደሚገፋፉ ነገርኳቸው። መጀመሪያ ሰበብ እየፈለግኩ መስሏቸው ተቆጡ። በሚቀጥለው ወር የታተመው ቅጽ ግን ከስፋቱ ቀጥሎ «በምን ተለካ?» የሚል አንድ መስመር ነበረው።

ድልድዩ ሚያዝያ ሳያልቅ ተጠናቀቀ። የመንደሩ ሰዎች በአምስት ሳምንት ውስጥ መንገዱንም መሠረቱንም ጨረሱት። ጋሽ ግዛቸው የመጨረሻውን አርማታ ከሞሉ በኋላ ወደ እኔ መጥተው፣ ያን ቀን የመከሩኝን እንድረሳላቸው ለመኑኝ። እሺ ያልኩት እኔ እንደሆንኩ ነገርኳቸው፤ ከዚያ ወዲያ አላነሣነውም።

በነሐሴ ለቁጥጥር ተላክሁ። ወንዙ ከካቻምናም ከአምናም የባሰ ሞልቶ ነበር። በቀድሞው ቦታ ቆሜ አየሁ። ወደ ውሃው ልናስጠጋቸው የነበሩት ጉድጓዶች የነበሩበት መሬት የለም። ዳሩ ተንዶ ሄዷል፤ በቦታው ላይ ግንድ ይዞ የሚሽከረከር ውሃ ብቻ ነው ያለው። ብዙ ጊዜ ቆምኩ። ከዚያ በጫካው መንገድ ወደ ላይ ወጣሁ።

ድልድዩ ጋ ስደርስ ከማዶ ሰዎች እየመጡ ነበር። ቃሬዛ ተሸክመዋል። መንገድ ልለቅላቸው ወደ ዐለቱ ጠርዝ ዞር አልኩ። አራት ወንዶች ድልድዩ እንዳይወዛወዝ እርምጃቸውን እያስተካከሉ ተሻገሩ፤ ውሃው ከሥራቸው ያገሳል። ቃሬዛው ላይ አንዲት ወጣት ሴት ዓይኗን ጨፍና ከንፈሯን ነክሳ ነበር። ከኋላ የሚከተሉት ሴቶች ሰላም ብለውኝ ሳይቆሙ አለፉ። ከመካከላቸው እትዬ አለሚቱ ነበረች። ጊዜ አልነበራትም፤ ትከሻዬን ብቻ ነክታኝ ሄደች። በማግሥቱ በደካ ሳልፍ ጠየቅኩ። ወንድ ልጅ ተወልዷል፤ እናትየዋም ደኅና ናት።

አሁን ከሃያ ዓመት በላይ ሆኖታል። በቅየሳ ብዙ ዓመት ከሠራሁ በኋላ አስተማሪ ሆኛለሁ። ተማሪዎቼ በዜሮ ምክንያት ነጥብ ትቀንሻለሽ እያሉ ያማርሩብኛል። እውነታቸውን ነው፤ እቀንሳለሁ። ከዚያ በፊት ግን ወንዝ ዳር ወስጄ አስለካቸዋለሁ። ሁለት ተማሪ አንድ አይነት ቁጥር አያመጣም። ያኔ የመጨረሻው አሃዝ የት ላይ ማቆም እንዳለበት እኔ ሳልነግራቸው እርስ በርሳቸው ይከራከራሉ።

እናንተም ይህን የምታነቡ ቀያሽ ላትሆኑ ትችላላችሁ። ቁጥር የማይጽፍ ሰው ግን የለም። የሕመምተኛ ሙቀት የምትጽፉ፣ የማዳበሪያ ልክ የምትነግሩ፣ የሰው ዕድሜ የምትመዘግቡ፣ ወደ አንድ ቦታ ስንት ሰዓት እንደሚያስኬድ ለመንገደኛ የምትናገሩ ሁላችሁም ቁጥር ሰጪዎች ናችሁ። ቁጥራችሁን ይዞ የሚሄድ ሰው እናንተን አያያችሁም። ፊታችሁ ላይ ያለውን ጥርጣሬ አያይም። የሚያየው የጻፋችሁትን ብቻ ነው፤ በዚያም ላይ ምሰሶ ያቆማል። ስለዚህ የለካችሁትን ያህል ጻፉ። ያልለካችሁትን አልለካሁም በሉ። ስትሉት ያሳፍራል፤ እኔ ስልሳ ሰዎች ፊት ቆሜ ብዬዋለሁና አውቀዋለሁ። ግን በሕይወቴ ካሳፈሩኝ ቀናት ሁሉ ያሳረፈኝ እሱ አንዱ ብቻ ነው።